በገዛ እጄ ያሳሸግሁት ሳሙና ቤት

ፖስት ላድርገው ወይስ ልተወው እያልኩ ስልኬን ሦስቴ ዘጋሁት። ይሁን፣ የመጣው ይምጣ!

ዛሬ ምሳ ላይ ቲቪው የአካባቢ ፈቃድ ሳይኖራቸው የሚሠሩ ድርጅቶች ሊከሰሱ ነው አለ። ባለቤቴ ዘሃራ በአዲሱ አማቻችን ፊት "የእኔን ባል የሚያህል ተከሳሽ ግን አልታየም!" ብላ ጀመረች።

አለቀልኝ!

በደርግ ጊዜ ነው። የካ ሚካኤል አካባቢ ጓሮአችን ውስጥ ሞራ በበርሜል እያፈላን ሳሙና እንሠራ ነበር። ሳሙና በቀበሌ ሱቅ በራሽን ነው፣ እሱም ሲገኝ! አራት ልጆቻችን የሚበሉት ከዚያች በርሜል ነው። ፈቃድ? የለንም። እጣቢው? ከእንጦጦ ወደሚወርደው ወንዝ። ሽታውን ባልነግራችሁ ይሻላል።

አንድ እሑድ ጠዋት ጎረቤታችን ጋሽ በቀለ "ዛሬ የቀበሌው ስብሰባ ላይ የአንተ ነገር ይነሳል፤ ተዘጋጅ" አለኝ። መቅረት አይቻል! መከላከያዬን በቃሌ ሸመደድኩ፤ "ጓዶች፣ ሰፊው ሕዝብ በምን ይታጠብ?" የሚል ነበር። አሪፍ አይደል?

አዳራሹ ሞልቷል። በሩ ላይ ጥበቃው ጠመንጃውን ይዞ ቆሟል።

ሊቀመንበሩ "መሠረተ ትምህርቱን የምትደግፉ?" አለ። እጅ ወደ ላይ!

"እንጦጦ ላይ ችግኝ ተከላውን የምትደግፉ?" እጅ ወደ ላይ!

"ያለ ፈቃድ ወንዝ የሚበክለው የጓድ ኑሩ ሳሙና ቤት እንዲታሸግ፣ እሱም ፍርድ ሸንጎ እንዲቀርብ የምትደግፉ?"

እጅ ወደ ላይ!

የእኔም!!

"ጓዶች፣ ተከሳሹ ራሱ ደግፏል!" ተባለ። አዳራሹ አጨበጨበ። እኔም አጨበጨብኩ፣ ምን ላድርግ?

ረቡዕ ሸንጎው ፊት አፌን ስከፍት ዳኛው ቃለ ጉባኤውን ገልጠው "በሙሉ ድምፅ ይላል። ከራስህ ጋር ነው የምትከራከረው?" አሉኝ። በርሜሉ ታሸገ። እኔም አንድ ወር ወንዙን እንድጠርግ ተፈረደብኝ። ዘሃራ ሲግናል ሰፈር ድረስ እየሄደች የሰው ልብስ ማጠብ ጀመረች።

"እጅህ መነሳቱ ካልቀረ ጭንቅላትህን አታክበትም ነበር?" አለችኝ ያኔ።

ዛሬም ይህንኑ ስትደግመው አማቻችን እስኪያስለው ሳቀ። እኔም እንደ ሁልጊዜው "ሐሳቤ መከላከያው ላይ ሆኖ ሳልሰማ ነው እኮ!" አልኩ።

ውሸቴን ነው።

ሰምቻለሁ። ስሜን ጭምር ጥርት አድርጌ ሰምቻለሁ። ግራና ቀኜ ያለው እጅ ሁሉ ተነስቶ የእኔ ብቻ ሲቀር ፈራሁ። ወንዙን ማቆሸሼን አልክድም፣ እሱስ ደግ አደረጉ። ግን ዘሃራ የሰው ልብስ እያጠበች እጇ ሲላጥ እንኳ እውነቱን አልነገርኳትም።

ለዘሃራ ፌስቡክ የምታነብላት ልጃችን ናት፤ ስለዚህ ዛሬውኑ ትሰማዋለች። ብትቆጣ እችለዋለሁ።

ያኔውኑ አውቃ፣ ይህን ሁሉ ዘመን በሳቅ ስትሸፍንልኝ ኖራ ቢሆንስ?